የሁለተኛው አጋማሽ ዳገት

ድምፁ ከጣራዎቹ ወዲያ መጣ። ከሺህ ደረት ባንድ ጊዜ የወጣ፣ ከባድ፣ ወደ ታች የሚወርድ የቅሬታ ድምፅ ነበር፤ እንደ ጩኸት አልጀመረም፣ እንደ ጩኸትም አላለቀም። የፋብሪካው ሰዓት ዘጠኝ ሊደውል ትንሽ ቀርቶታል። ኳሷ ገና አልተመታችም።

ሔስተር ሆልሮይድ በጉልበቷ ተንበርክካ የበሯን ደረጃ በሚያነጣ ድንጋይ ታሽ ነበርና እጇ ባለበት ቀረ።

የኳስ ሜዳውን ከረገጠች ብዙ ዘመን ሆኗታል። ነገር ግን ቅዳሜ ቅዳሜ ከጣራዎቹ በላይ የሚመጣውን ድምፅ ሁሉ እንደ ጎረቤት ሳል ለይታ ታውቀዋለች። የሆሊንቤክ ልጆች ሲያገቡ ሙሉ ጋሪ የድንጋይ ከሰል ባንድ ጊዜ የተገለበጠ ይመስላል። እንግዶቹ ሲያገቡ ከተማው ጭጭ ይላል፤ ከዚያ ዝምታው ውስጥ የአንድ ሰው ስድብ ብቻ ጥርት ብሎ ይሰማል። ኳስ ለጥቂት ስትስት ደግሞ «ውይ» የሚለው ድምፅ ተነሥቶ፣ ጫፍ ደርሶ፣ ይፈርሳል። ይህኛው ግን ከሁሉም የተለየ ነው። በዓመት አንዴ ቢሰማ ነው።

«አዞሯቸው» አለች ለራሷ።

ከማዶ ደረጃ ላይ አዳ ዱክዎርዝ ባልዲዋን አስቀምጣ ቀና አለች። ሁለቱ ጎረቤታሞች ሰኞ ልብስ በማጠብ፣ ቅዳሜ ደረጃ በማንጣት አብረው ያረጁ ናቸው።

«ምነው ሔስተር? የሞተ ሰው ያየሽ መሰልሽ።»

«የእንግዶቹ የሬቨንሾ አምበል አዞራቸው፣ አዳ። ዳገቱ ለኋላ ቀረ።»

«ታዲያ ምን ይጠበስ? እግር ያለው ዳገት ይወጣል። ይልቅ ደረጃሽን ጨርሺ። ግማሹ ነጭ፣ ግማሹ ጥቁር ሆኖ ቢያድር ነገ የጸሎት ቤቱ ሰው ሁሉ ‹የሆልሮይድ ቤት ማን ሞተባቸው?› እያለ ነው የሚያልፈው።»

«የዛሬው የመጨረሻው ጨዋታ ነው።»

«ሰምቻለሁ። ባሌ ሌሊቱን ሙሉ ሲገላበጥ አደረ። አቻ እንኳ ብንወጣ ከሊጉ ጭራ እንተርፋለን ይላል። እሱ ራሱ ከጭራ የሚተርፍ ይመስል።»

ሌላ ቀን ቢሆን ሔስተር ትስቅ ነበር።

የሆሊንቤክ ሜዳ ሜዳ ይባል እንጂ ተዳፋት ነው። ከላይ የጸሎት ቤቱ ጥቁር ግንብ፣ ከታች የከሰል ጀልባ የሚመላለስበት ቦይ አለ። በጸሎት ቤቱ በኩል የተለቀቀች ኳስ ማንም ሳይነካት ቦዩ ትገባለች ይባል ነበር። ስለዚህ ክለቡ ከተመሠረተ ጀምሮ የቤቱ አምበል ዕጣው ከወጣለት የሚመርጠው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ መጀመሪያ ዳገቱን መግፋት፣ በሁለተኛው አጋማሽ የእንግዶቹ እግር ሲዝል ቁልቁል ወደ ቦዩ መውረድ። ዕጣው ለእንግዶቹ ቢወጣ እንኳ ጨዋ አምበል የቤቱን ልማድ አይነካም፤ ሰው ቤት ገብቶ የአባወራውን ወንበር እንደ መያዝ ይቆጠራል። የሬቨንሾ አምበል ግን ዛሬ ወንበሩን ያዘ።

ለሌላው ሰው ይህ የስድብ ጉዳይ ነበር። ለሔስተር ግን ሌላ ነበር።

ወንድሟ ጃቤዝ የሆሊንቤክ የመሀል ተከላካይ ነው። ከታላቁ ጦርነት ተመልሶ የወታደር ካፖርቱን ሳያወልቅ ነበር ክለቡ ያስፈረመው። ከዚያ ወዲያ ለአገሩ ተጠርቶ አያውቅም፤ ትልልቆቹ ክለቦችም አልጠየቁትም። ዝናው ከከተማው ወጥቶ የሄደው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ የሲጋራ ፋብሪካው መልኩን በትንሽ ካርድ አትሞ በየፓኮው ውስጥ የከተተው ጊዜ። በዚያ ካርድ ላይ ፀጉሩ ተለጥፎ፣ አገጩ ወደ ላይ ተቀስሮ፣ ከራሱ ይልቅ የአውራጃ ዳኛ ይመስላል። የሰፈሩ ልጆች ሁለት ጃቤዝ ለአንድ በረኛ ይለዋወጡ ነበር።

ሥራው ከላይ የመጣውን ኳስ ሁሉ በቴስታ መመለስ ነው። የዚያን ዘመን ኳስ ቆዳ ነው፣ ማሰሪያ ገመድ አለው፣ ዝናብ ሲጠጣ እንደ ድንጋይ ይከብዳል። ጃቤዝ ቅዳሜ ማታ ሲመጣ የኳሱ ገመድ ግንባሩ ላይ ታትሞ ይገኛል፤ ሔስተር በእርጥብ ጨርቅ ስታሽለት «ተይው፣ እሑድ ራሱ ይጠፋል» ይላት ነበር። እውነትም እሑድ ይጠፋል። የማይጠፋው ከሥር የተጎዳው ነው፤ እሱን ደግሞ ያን ጊዜ ማንም አያይም።

ከገና በፊት አንድ ማክሰኞ ለልምምድ ወጥቶ ቀረ። ሔስተር ፍለጋ ስትወጣ ልጅ ሆኖ ይሠራበት የነበረው የፈትል ፋብሪካ በር ላይ ቆሞ አገኘችው። ፋብሪካው ተዘግቶ መስኮቱ በሳንቃ ተመትቷል። «ዛሬ ምነው ፊሽካው ዘገየ?» አላት። ሌላ ቀን የሻይ ጀበናውን ከከሰል ባልዲው ውስጥ አወጣችው። አንድ ምሽት ደግሞ በሟች እናታቸው ስም ጠራትና ራሱ ደነገጠ። ያን ምሽት ነው እሳት ዳር ተቀምጦ የነገራት።

«ሔስተር፣ ጭንቅላቴ ውስጥ ያ የመንገድ መብራት አጥፊ ገብቷል። ታውቂው የለም፣ ያ ረጅም ዘንግ የሚይዘው? አንዱን ያጠፋል፣ ይሄዳል። ደግሞ ሌላውን ያጠፋል።»

«ሐኪም ጋ እንሂድ።»

«ሐኪም ለክለቡ ይነግራል። እስከ ሚያዝያ ብቻ ዝም በይልኝ። የመጨረሻው ቀን ፊሽካው ሲነፋ፣ ከሌሎቹ ጋር በእግሬ ልውጣ። ከዚያ ወዲያ ደስ ያለውን ያጥፋ።»

በእናታቸው መጽሐፍ ቅዱስ ላይ እጇን አስጭኖ አስማላት።

ከዚያ ቀን ጀምሮ በቤታቸው ሜዳ በሚጫወቱበት ቅዳሜ ሁሉ እስከ መንገዱ ማዕዘን ሸኝታው፣ የአንገት ልብሱን አስተካክላ፣ አንድ ቃል ታስጨብጠዋለች። «መጀመሪያ ጸሎት ቤት፣ ኋላ ቦዩ።» እሱም ይደግመዋል። የታኬታውን ገመድ ሲያስር፣ ሜዳ ሲገባ፣ ከንፈሩ እየተንቀሳቀሰ ይደግመዋል። ሌላው ሰው የሚጸልይ ይመስለው ነበር።

ዛሬም ያንኑ ነግራው ነው የሄደው፤ ሲጀመር ጓዶቹ ያሰልፉት ይሆናል፣ ከዕረፍት በኋላ ግን ቃሉ ወደ ቦዩ፣ ወደ ራሱ ግብ ይመራዋል።

«አዳ፣ እኔ መሄዴ ነው።»

«ወዴት?»

«ሜዳ።»

አዳ ከደረጃዋ ተነሣች። «አንቺ? ሜዳ? ያኔ ሄደሽ ጃቤዝ ትከሻው የተሰበረ ቀን ‹ሁለተኛ እግርሽ እንዳይደርስ› ብሎሽ የለም እንዴ? እኔስ የወደቀ የጸጉር መርፌ ሳገኝ ነው ዕድል የምለው፣ ኳስ ተጫዋቾች ግን እንደዚህ ያለ ነገር ያጠብቃሉ። በረኛው የቋሚውን እንጨት ሳይስም አይቆምም።»

«እሱ እንዳያየኝ ነው የምሄደው።»

«ሔስተር፣ ደረጃሽ!»

ሔስተር በግማሽ የነጣው ደረጃ ላይ ረግጣ ሄደች። እጇ ላይ ያለው የድንጋይ ዱቄት እንኳ አልተጠረገም። በዚያ ሰፈር ያን ያደረገች ሴት አልታየችም ነበርና አዳ ዱክዎርዝ እስክትሞት ድረስ ታወራው ነበር።

*

የሜዳው ትልቅ በር ተዘግቶ ነበር። ከሜዳው አጥር ግንብ ሥር ሥራ ያጡ ሰዎች ተደርድረው ቆመዋል፤ ኮፍያቸውን ወደ ዓይናቸው ሳብ አድርገው፣ አንድ ሲጋራ ለሦስት እየተቀባበሉ። ጨዋታው ሊያልቅ ሩብ ሰዓት ሲቀረው በሩ ይከፈታል፤ ያኔ መግቢያ የሚጠይቅ የለም። ፋብሪካዎቹ ግማሹ በተዘጉበት፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር በሠላሳ አራቱ ዓመት ከከተማው ወንድ እኩሌታው ኳስ የሚያየው ከጭራዋ ጀምሮ ነበር። በውስጥ ያሉት የሚጮኹትን ሰምተው ከውጭ ሆነው ጨዋታውን በልባቸው ይጫወቱታል።

«እሜቴ፣ ሰልፍ አለ» አላት ከፊት ያለው ቀጭን ሰው። «እኛ እዚህ ግንብ ጋ ለመድረስ ሁለት ዓመት ሥራ ፈተናል።»

«ዝም በል አንተ፣ የጃቤዝ እህት ናት» አለው ጎኑ ያለው።

«የጃቤዝ? አትመጣም ይባል አልነበር?»

«ጉድ ነው እንግዲህ» አለ ሦስተኛው። «ዕጣው ለእነሱ፣ ዳገቱ ለኋላ፣ አሁን ደግሞ እህትየው መጣች። እኔስ በሩ ቢከፈትም አልገባም።»

«አትግባ፤ ቦታህን እኔ እወስደዋለሁ። ወፍራም ነህ፣ ሁለት ሰው ይቆምበታል።»

ሔስተር አልፋቸው ትንሿን በር መታች፤ የሚሰማት እስክታገኝ የመጀመሪያው አጋማሽ ሊያልቅ ጥቂት ቀረው። በር ጠባቂው ኦባዲያ ፔል አንድ እጁን ፈረንሳይ አገር ጦር ሜዳ ላይ ጥሎ የመጣ ሰው ነው፤ ከጃቤዝ ጋር ባንድ ሻለቃ ነበሩ። በሩን ከፈት አድርጎ ፊቷን አየ። ለምን እንደመጣች አልጠየቀም። በዚያው በተረፈው እጁ በሩን ያዘላትና «አጋማሽ ሊሆን ነው፤ በከሰል ማስገቢያው በኩል እለፊ» አላት።

የዕረፍቱ ፊሽካ ሲነፋ ጥሩንባ ነፊዎቹ ሙዚቀኞች ሜዳ መሀል ገቡ። ሔስተር ከተጫዋቾቹ ክፍል ውጭ፣ ጣሪያው ዝቅ ያለው መተላለፊያ ውስጥ ቆመች። ክፍሉ ተዘግቷል። የማሻ ቅባቱ ሽታ፣ የእርጥብ ሱፍ ሽታ፣ የተቆረጠ ሎሚ ሽታ በበሩ ሥር ይወጣል። የወጣትነቷ ዘመን ሁሉ ከዚያ ቀዳዳ የሚተን መሰላት፤ ጃቤዝ ወጣት ሆኖ፣ እናታቸው በሕይወት ኖራ፣ ማሊያው እሳት ዳር ተሰቅሎ ሲደርቅ ወጥ ቤቱ ልክ እንዲህ ይሸት ነበር።

ወጌሻው ኤዝራ ክላፍ ባልዲውን ሊሞላ ወጣና አያት።

«ሴት እዚህ አይደርስም፣ ሔስተር።»

«የዐሥራ አንዱን ሰው ማሊያ በየሳምንቱ የማጥብ እኔ ነኝ። ከዚህ በር ኋላ የማላውቀው ሽታ የለም።»

«ታዲያ ሳሙና አልቆብሽ ነው?»

«ኤዝራ፣ ለጃቤዝ በሁለተኛው አጋማሽ ወዴት እንደሚመታ ንገረው።»

ኤዝራ ሳቀ። «ለጃቤዝ? እሱኮ ከሣሩ ጋር አብሮ የበቀለ ነው። ለዓሣ ዋና ላስተምረው?»

«ንገረው አልኩህ።»

ሳቁ ፊቱ ላይ ቀርቶ ቀስ ብሎ ወረደ። ባልዲውን አስቀመጠ። ስፖንጁን ሲጨምቅ ቆየ፤ ውሃው አልቆ እንኳ ይጨምቅ ነበር። ሔስተር ከዚያ በላይ ማውራት አላስፈለጋትም። መሐላዋን አፍርሳለች፤ መሐላ አንዴ ከፈረሰ ትልቅም ትንሽም የለውም።

«ከመቼ ወዲህ?»

«ከገና በፊት።»

«ባለፈው ሳምንት የማሊያውን የአንገት ገመድ እኔ አሰርኩለት» አለ ኤዝራ። «ጣቱን በርዶት መስሎኝ ነበር። እኔም ሞኝ።» ወደ ላይ፣ የክለቡ ዳይሬክተሮች ወደሚቀመጡበት በኩል ቀና አለ። «ለነሱ ብናገር አሁኑኑ ታኬታውን ፍታ ይሉታል። የሚተካው የለም፤ በዐሥር ሰው እንገባለን። ዝም ብል ደግሞ…»

«ከሌሎቹ ጋር ይውጣ ብቻ። ፊሽካው ሲነፋ፣ ከሌሎቹ ጋር። ሌላ አልለምንህም።»

ከውስጥ አንዱ ቀልድ ተናገረና ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። ከሳቆቹ መሀል የጃቤዝን ለየችው፤ ትንሽ ዘግይቶ ነው የሚመጣው።

«ያን ወጣቱን ኖርማንን ጎኑ አቆመዋለሁ» አለ ኤዝራ። «ጃቤዝ ኳስ በያዘ ቁጥር ‹ጸሎት ቤት› እያልክ ጩኽ እለዋለሁ።»

«ለምን ቢልህስ?»

«ወጣት ነው። ‹ለምን› የሚለውን ነገር ገና ሚስት አላስተማረችውም። አንቺ ግን ሂጂ። ካየሽ ያውቃል። ለነገሩ የመጣሽበትን ምክንያት ከእግዜር ቀጥሎ ቶሎ የሚያውቅ እሱ ነው።»

«እሄዳለሁ» አለች። ልትሄድም አስባ ነበር።

*

አልሄደችም። እግሯ በቦዩ በኩል ወዳለው ማዕዘን ወሰዳት፤ ገመድ ተወጥሮ ሰው ጥቂት የሚቆምበት፣ የጀልባ ፈረሶች ሽታ የሚመጣበት ጥግ ነው። አንድ ጊዜ ብቻ አይቼው ልመለስ አለች።

ጃቤዝ እንደ ልማዱ ከሁሉም ኋላ ወጣ። ኳስ በእጁ ይዞ፣ መሬት ላይ አንድ ጊዜ አንጥሮ፣ ሳያያት ያዛት። ሔስተር ገመዱን ጨብጣ አየችው። እነዚያ ሁሉ ዓመታት በድምፅ ብቻ ስትከታተለው የረሳችው ነገር ይህ ነበር፤ ሰውየው ሲራመድ እንዴት እንደሚያምር። ቤት ውስጥ በበሩ ጠርዝ ትከሻውን የሚመታው፣ ማንኪያ ከእጁ የሚወድቅበት ጃቤዝ እዚህ ሣር ላይ ሌላ ሰው ነው። የኳሷ አመጣጥ ገና ሲታሰብ እሱ እዚያ ቆሟል። ዘሎ በግንባሩ ሲመታት ድምፁ እስከ ገመዱ ይሰማል፤ ጓ! ያ ድምፅ ነው እንግዲህ፣ አለች በልቧ። ያ ነው መብራት አጥፊው።

«ጸሎት ቤት!» ይላል ኖርማን ከጎኑ። ኖርማን ጆሮው የወጣ፣ ጉንጩ ቀይ የሆነ ልጅ እግር ነው። «ጸሎት ቤት፣ ጃቤዝ!»

«ይሄ ልጅ ንስሐ ገባ እንዴ?» አለ ከሔስተር አጠገብ ያለ ሽማግሌ ፒፓውን ከአፉ ሳያወጣ። «እሑድ ነገ ነው በሉት።»

ሰዓቱ ገፋ። ግብ የለም። ትልቁ በር ተከፈተና ከግንቡ ሥር የነበሩት ሰዎች እንደ ውሃ ገቡ፤ ቀጭኑም ወፍራሙም፤ ሔስተር ያለችበትን ጥግ ሞሉት። ፀሐይ ከጸሎት ቤቱ ግንብ ጀርባ ዞራ ጥላው ሜዳው ላይ ተጋደመ። ሬቨንሾዎች ቁልቁል መጡ፣ ተመለሱ፣ መጡ። አቻ ከወጡ ከጭራ ይተርፋሉ። ሰዉ ሁሉ ሰዓት ይጠይቃል፤ ሰዓት ያለው ሰው ግን አልነበረም፤ ሰዓት የነበረው ሁሉ አስይዞታል።

ከዚያ የሬቨንሾ በረኛ የጠለዛት ኳስ ከሰማይ ወረደች። ጃቤዝ በግንባሩ አልመታትም። በደረቱ አበረዳት፣ እግሩ ሥር ጣላት፤ ፊቱ ወደ ቦዩ ነበር።

ኖርማን ወድቆ ነበር። እየተነሣ ነበር።

ጃቤዝም ቁልቁል፣ ወደ ራሱ ግብ መሮጥ ጀመረ።

አንድ ሰው ደገፍ ብሎ ሳቀ፤ አጥቂውን ሊያታልል ነው የመሰለው። ጃቤዝ ኳሷን በውጭ እግሩ ገፋ አደረጋት፣ ተዳፋቱ ተቀበለው፤ ትከሻው ረገበ፣ ራሱ ቀና አለ። ሔስተር ከጦርነቱ በተመለሰበት ዓመት ያየችው አሯሯጥ ነበር፤ ያኔ የመሀል ተከላካይ እንደ ልቡ ወደ ፊት ይሄድ ነበር፣ የጨዋታው ሕግ ሳይለወጥ፣ እድሜው ሳይለወጥ። የሬቨንሾው አጥቂ ጥቂት አብሮት ሮጠና ቆመ። እጁን ወገቡ ላይ አደረገ። የራሱ ጓዶች እንዴት አድርገው እንደሚቀሙት አላወቁም፤ አንዱ መንገዱን ለቀቀለት። ያን ያህል ያምር ነበር።

ሜዳው ጸጥ አለ። ይህን ድምፅ ሔስተር አታውቀውም። ከጣራዎቹ በላይ መጥቶላት አያውቅም።

«ጸሎት ቤት!» አለ ኖርማን ከኋላ፣ ድምፁ ተሰንጥቆ። «ጃቤዝ! ጸሎት ቤት!»

ከግንቡ ሥር የመጣው ቀጭኑ ሰው ተቀበለ፤ «ጸሎት ቤት!» ወፍራሙ፤ ሽማግሌው ፒፓውን አውጥቶ፤ ከዚያ ወዲያ ገመዱ ዙሪያ ያለው ሁሉ። ስድብ አልነበረውም። መንገድ ለጠፋበት ሰው መንገድ እንደሚያሳዩት ነበር የሚጮኹት። የቤቱ በረኛ ከግቡ ወጥቶ እጁን ዘርግቶ ቆመ፤ የኳስ አያያዝ አልነበረም አቋቋሙ።

ጃቤዝ ቀኝ እግሩን ወደ ኋላ ሳበ። ሊመታ ነበር። ከዚያ ያ ስም ከሁሉም በኩል ሲደርሰው፣ እግሩን ቀስ ብሎ አውርዶ ኳሷ ላይ አሳረፈው። በረኛውን አየ፤ ዓመታት ሙሉ ከጀርባው የቆመው ሰው ከፊቱ ቆሟል። ከበረኛው ትከሻ በላይ፣ ከገመዱ ወዲህ፣ እህቱን አየ።

ሔስተር እጇን ከሽርጧ ሥር ልትደብቅ ነበር። ልትደብቀው ስትል ግን ከጃቤዝ ጀርባ የሬቨንሾው አጥቂ ሐሳቡን ቀይሮ መሮጥ ሲጀምር አየች። ስለዚህ አወጣችው። በነጭ ድንጋይ ዱቄት የነጣውን እጇን ከሰው ሁሉ በላይ አንሥታ ወደ ላይ፣ ወደ ጸሎት ቤቱ ግንብ አመለከተችው።

ከልጅነታቸው ጀምሮ ብዙ ነገር ባንድ እይታ ይነጋገሩ ነበር። አሁንም ያንኑ አደረጉ።

ጃቤዝ ዞረ። አንድ ጊዜ ብቻ ነው ቀና ብሎ ያየው፤ ከዚያ መታት። ኳሷ ከጥላው ወጥታ ፀሐይ ውስጥ ገባች፣ ከሁሉ ራስ በላይ ዳገቱን ይዛ ሄደች፣ በግራ ክንፍ የነበረው ልጅ ብቻውን ነበር። ሰዉ ሁሉ አንገቱን ወደዚያ ወረወረ።

ሔስተር አላየችም። ሙሉ ጋሪ ከሰል ባንድ ጊዜ ተገለበጠ፤ ያ በቂዋ ነው። ኮፍያ ሰማይ ላይ ወጣ፣ ቀጭኑ ወፍራሙን አቀፈ፣ ሽማግሌው ፒፓውን ጥሎ በእጁ ሣር ውስጥ ይፈልግ ጀመር። በዚያ ሁሉ ጩኸት ውስጥ ጃቤዝ ወደ ገመዱ እየተራመደ መጣ። የማሊያውን ገመድ ራሱ ፈታ፤ ጣቱ አልተንቀጠቀጠም። በራሱ ላይ አውልቆ፣ እጅጌዎቹን ወደ ውስጥ አድርጎ፣ እናታቸው ታጥፍ እንደነበረው አጥፎ፣ በሔስተር ክንድ ላይ አኖረው። ማሊያው ሞቃትና ከባድ ነበር። ግንባሩ ላይ የኳሱ ገመድ ታትሟል።

«ጃቤዝ» አለችው። «ገና አላለቀም።»

አያት። የተቆጣ አልነበረም፤ ያዘነም አይመስልም። ስሟን የሚያውቅ ሰው አስተያየት ነበር፣ ፍጹም የሚያውቅ። ከዚያ ጎንበስ ብሎ በገመዱ ሥር አለፈ።

ሰዎቹ ማን እንደሆነ ሳያስተውሉ መንገድ ለቀቁለት፤ አንዱ ትከሻውን መታ መታ አደረገው፣ ስለ ግቡ። ኦባዲያ ፔል ትንሿን በር በአንድ እጁ ከፈተና ግንቡን ተደግፎ ቆመ።

ከውጭ ያለው መንገድ ድንጋይ ንጣፍ ነው። የታኬታው ጥርሶች ድንጋዩን ሲመቱ ሔስተር በግልጽ ሰማቻቸው። ቤታቸው በስተግራ ነበር። ድምፁ ወደ ቀኝ ታጠፈ፤ ወደ ጸሎት ቤቱ በሚያወጣው መንገድ፣ ሳይቸኩል።

ከኋላዋ ፊሽካው ተነፋ። ዐሥሩ የሆሊንቤክ ልጆች ጭቃ እንደለበሱ፣ ክንድ ለክንድ ተያይዘው አብረው ይወጡ ጀመር፤ ኖርማን መሀላቸው ቆሞ ዙሪያውን ይፈልጋል። ሔስተር ማሊያውን ደረቷ ላይ አድርጋ ፊቷን ወደ በሩ አዞረች። ድምፁ አሁንም ይሰማ ነበር፤ ጣ፣ ጣ፣ ጣ፣ ዳገቱን እየወጣ።